ሸለቆው ውስጥ ምንም አይከሰትም፦ ጊዜ ስለሚዘገይባቸው ምናባዊ ስፍራዎች የተደረገ ንግግር

የተከበራችሁ የዚህ ጉባኤ አዘጋጆች፣ የተከበራችሁ ደራሲያን፣ አንባቢያንና የሳይንስ ወዳጆች፣ እንደምን አመሻችሁ? ስለ ግብዣው ከልብ አመሰግናለሁ። የፊዚክስ መምህርን ልብ ወለድ በሚጽፉ ሰዎች ፊት ማቆም ድፍረት ይጠይቃል፤ ድፍረቱም የአዘጋጆቹ እንጂ የእኔ አይደለም። የተሰጠኝ ርእስ ጊዜ ከተለመደው ውጭ ስለሚሄድበት ምናባዊ የተፈጥሮ ስፍራ እንድናገር ነው። እንዲህ ያሉ ታሪኮችን ከልጅነቴ ጀምሮ እወዳለሁ፤ ስለምወዳቸውም እቆጣቸዋለሁ። ዛሬ ማታ ሁለቱንም ታያላችሁ።

ለመነጋገሪያ እንዲሆነን አንድ ሸለቆ እንፍጠር። ስሙን አርፋጅ ሸለቆ እንበለው። በካርታ ላይ አትፈልጉት፤ አሁን እዚህ አዳራሽ ውስጥ የተወለደ ነው። ግራና ቀኙ ገደል፣ መካከሉ ለጥ ያለ ሜዳ ነው፤ በአንደኛው ጫፍ ወንዝ ይገባበታል፣ በሌላኛው ይወጣበታል። ሕጉም አንድ ብቻ ነው፦ በሸለቆው ወለል ላይ አንድ ቀን ሲያልፍ፣ ከአፋፉ በላይ ባለው ዓለም ሰባት ቀን ያልፋል። ሌላ አስማት የለውም። ዘንዶ የለውም፣ የሚናገር ዛፍ የለውም፣ እርግማንም የለበትም።

የዛሬው ንግግሬ ሁሉ በአንድ ሐሳብ ላይ የቆመ ስለሆነ ከወዲሁ ልናገረውና እንከራከርበት። የአርፋጅ ሸለቆ እንግዳነት ሸለቆው ውስጥ የለም። አፋፉ ላይ ነው ያለው። ብዙ ጸሐፊዎች ገጸ ባሕሪያቸውን ወደ ሸለቆው አውርደው እዚያ ታች ድንቅ ነገር ሲፈልጉ ይደክማሉ፤ እዚያ ታች ግን ምንም የለም። ይህን ለማስረዳት አራት ነገሮችን አነሣለሁ። እኩል ጊዜ እንደማልሰጣቸው ግን አስቀድሜ እነግራችኋለሁ።

የመጀመሪያው ነገር፦ እንግዳ የሆነው የትኛው ጊዜ ነው? ጸሐፊው «በዚያ ስፍራ ጊዜ ይዘገያል» ብሎ ሲጽፍ ከሦስት የተለያዩ ነገሮች አንዱን ማለቱ ነው፤ ብዙውን ጊዜ ግን የትኛውን እንደሆነ ራሱም አልወሰነም። ሰው በውስጡ የሚሰማው ጊዜ አለ። ሰዎች ተስማምተው የሚቆጥሩት፣ የቀን መቁጠሪያው ጊዜ አለ። ሰዓቱ ራሱ፣ አቶሙ ራሱ የሚሄድበት ጊዜም አለ። ሦስቱም በእውነተኛው ዓለም ውስጥ በታወቁ ስፍራዎች ሲዛቡ ታይተዋል።

የሚሰማን ጊዜ እንዴት እንደሚዛባ ለማየት ወደ አንድ ዋሻ እንግባ። እ.ኤ.አ. በ1962 ሚሼል ሲፍር የተባለ የ23 ዓመት ፈረንሳዊ በአልፕስ ተራሮች ወደሚገኘው የስካራሶን ዋሻ ብቻውን ወረደ። ሰዓት አልያዘም፤ የፀሐይ ብርሃንም አይደርሰውም። ሲነቃ፣ ሲመገብና ሊተኛ ሲል ከላይ ላሉት ባልደረቦቹ በስልክ ይነግራቸዋል፤ እነርሱ ግን ሰዓቱን ላይነግሩት ተስማምተዋል። ጁላይ 16 ቀን ገብቶ ሴፕቴምበር 14 ቀን ሲያወጡት፣ በእርሱ ማስታወሻ ገና ኦገስት 20 ነበር። ሃያ አምስት ቀን ጎድሎበታል! በየሰከንዱ አንድ ቁጥር እየጠራ ከ1 እስከ 120 እንዲቆጥር ሲጠየቅም፣ እርሱ ሁለት ደቂቃ የመሰለውን ቆጠራ የጨረሰው በአምስት ደቂቃ ነበር። ይህ የአንድ ሰው ብቻ ጠባይ እንዳይመስላችሁ፤ እ.ኤ.አ. በ2021 አሥራ አምስት ሰዎች በፈረንሳይ ሎምብሪቭ ዋሻ ውስጥ ያለ ሰዓት ለ40 ቀናት ኖረው ሲወጡ፣ በእነርሱ ግምት ያለፈው 30 ቀን ገደማ ነበር። ዋሻው ግን አላታለላቸውም። ጢማቸውና ጥፍራቸው ያደገው እንደማንኛውም ሰው ነው።

የቀን መቁጠሪያው ጊዜ ቀላሉ ስለሆነ ቶሎ እንለፈው። በቤሪንግ የባሕር ሰርጥ ውስጥ ዲዮሜድ የሚባሉ ሁለት ደሴቶች አሉ፤ ትልቁ የሩሲያ፣ ትንሹ የአሜሪካ ነው። በመካከላቸው አራት ኪሎ ሜትር እንኳ የማይሞላ ውኃ አለ፤ ሆኖም የዓለም አቀፉ የቀን መስመር በመካከላቸው ስለሚያልፍ የሰዓታቸው ልዩነት እንደ ወቅቱ 20 ወይም 21 ሰዓት ነው። በትንሹ ደሴት ላይ ቆሞ ባሕሩን አሻግሮ የሚመለከት ሰው የሚያየው ነገ የተባለውን ቀን ነው። የሚያምር ነገር ነው፤ ግን ስምምነት ብቻ ነው።

ሦስተኛው፣ የሰዓቱ የራሱ ጊዜ፣ እንደ እኔ ያለውን ሰው እንቅልፍ የሚነሣው ነው። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ የጣልያን ተመራማሪዎች አንድ የአቶም ሰዓት በቱሪን ከተማ፣ ከባሕር ወለል በ250 ሜትር ከፍታ ላይ፣ ሌላውን ደግሞ በፕላቶ ሮዛ ተራራ በ3,500 ሜትር ላይ አስቀመጡ። የአንስታይን የአጠቃላይ አንጻራዊነት ንድፈ ሐሳብ የተራራው ሰዓት በየቀኑ 30 ናኖሰከንድ ገደማ መቅደም አለበት ይላል፤ አንድ ናኖሰከንድ የሰከንድ አንድ ቢሊዮንኛ ነው። ውጤቱም በመለኪያው የስሕተት ወሰን ውስጥ ከዚሁ ጋር ተስማማ። ወደ መሬት እምብርት በቀረበ ጥልቅ ስፍራ ጊዜ ይዘገያል፤ ከፍ ሲሉ ይፈጥናል። በ8,849 ሜትሩ የኤቨረስት ጫፍ ላይ የተቀመጠ ሰዓት በባሕር ወለል ካለው በዓመት 30 የሚሆኑ የሰከንድ ሚሊዮንኛዎችን ይቀድማል። እ.ኤ.አ. በ2016 የታተመ ስሌት ደግሞ የመሬት እምብርት ከመሬት ገጽ በሁለት ዓመት ተኩል ገደማ እንደሚያንስ አሳይቷል፤ አብረው ተፈጥረው፣ አብረው ኖረው፣ አንዱ ታናሽ ሆኗል። ስለዚህ፣ ወንድሞቼና እኅቶቼ፣ አርፋጅ ሸለቆን ከባዶ አልፈጠርነውም። በዓለም ላይ ያለ ሸለቆ ሁሉ አርፋጅ ነው። እኛ ያደረግነው መጠኑን ማጋነን ብቻ ነው።

ሁለተኛው ነገር አጭር ነው፦ በሸለቆው ውስጥ ምንም አይከሰትም። የወረደው ሰው ዝግታ አይሰማውም። ልቡ እንደወትሮው ይመታል፣ ሻማው እንደወትሮው ይነድዳል፣ በእጁ ያሰረው ሰዓት በአንድ ሰከንድ አንድ ሰከንድ ይቆጥራል። ደንግጦ ሰዓቱን ቢመረምር ጉድለት አያገኝበትም፤ ምክንያቱም መርማሪው ዓይንና መርማሪው አእምሮም ከሰዓቱ ጋር እኩል ዘግይተዋል። ይህን ሸለቆ ክፍል ውስጥ በምሳሌነት ሳነሣ አንድ ተማሪ እጁን አነሣና፣ «መምህር፣ ፈተና ሲደርስ እዚያ ወርጄ ባጠና ጊዜ አይተርፈኝም?» አለኝ። መልስ ከመስጠቴ በፊት ከኋላው የተቀመጠች ልጅ፣ «ፈተናው ሳምንት ቢቀረው አንተ የምታጠናው አንድ ቀን ነው፤ ጊዜ ከፈለግህ ውጣ እንጂ አትውረድ» አለችው። ክፍሉ ሁሉ ሣቀ። የልጅቷን መልስ ግን ብዙ የታተሙ ታሪኮች አላገኙትም። ጊዜ የሚዘገይበት ስፍራ ለገባበት ሰው ጊዜ አይጨምርለትም። ዓለሙን ያስሮጥበታል እንጂ። ጊዜ እንዲተርፈው የሚፈልግ ሰው የሚያስፈልገው ጊዜ የሚፈጥንበት ተራራ ነው፤ እዚያም ላይ ከጓደኞቹ ቀድሞ ያረጃል።

ታዲያ በሸለቆው ውስጥ ምንም ካልተከሰተ ሰውየው መዘግየቱን በምን ያውቃል? ወደ ሦስተኛው ነገር የምንሻገረው በዚህ ጥያቄ ነው። የጥንት ተራኪዎች ይህን ከእኛ በተሻለ ያውቁት ነበር፤ ማስረጃውን ሁልጊዜ በአንድ ተራ ዕቃ ላይ ያኖሩታል።

አቤሜሌክን አስቡት። ነቢዩ ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ይልከዋል፤ ከዛፍ ጥላ ሥር የበለሱን ቅርጫት ተንተርሶ ጥቂት ሊያርፍ ይጋደማል፤ ሲነቃ 66 ዓመት አልፏል፤ ኢየሩሳሌምም የሚያውቃት ከተማ አይደለችም። በለሱ ግን ገና ወተቱን ያንጠባጥባል። ያገኘው ሽማግሌም ወቅቱን ባልጠበቀው በለስ ይገረማል። አያቴ ይህን ስትተርክልን እኔ፣ «በለሱስ ለምን አልበሰበሰም?» እያልሁ እነተርካት ነበር። «እግዚአብሔር ጠብቆት» ትላለች። «ቅርጫቱንስ?» «ቅርጫቱንም።» «የተኛበትን ሣርስ?» እዚህ ላይ ተኛ ትለኛለች። ዛሬ ሳስበው ጥያቄዬ የወሰን ጥያቄ ነበር። ከሰውየው ጋር የዘገየው ነገር እስከ ምን ድረስ ነው? ታሪኩም መልስ አለው፤ ሰውየው የነካውና የተሸከመው ሁሉ የእርሱን ጊዜ ይዟል።

አሁን ይህን በቻይና ዠጂያንግ ግዛት ካለው ከላንኬ ተራራ ታሪክ ጋር አነጻጽሩት። ዋንግ ዢ የተባለ እንጨት ቆራጭ በተራራው ላይ የሰሌዳ ጨዋታ የሚጫወቱ ልጆች ያገኛል። ቆሞ ያያቸዋል፤ ጨዋታው ሲያልቅ የመጥረቢያው እጀታ በስብሶ ወድቋል፤ ወደ መንደሩ ሲመለስም በእርሱ ዘመን ከነበሩት ሰዎች የቀረ የለም። ልብ በሉ! ሰውየው አላረጀም፤ ከጎኑ ያስቀመጠው መጥረቢያ ግን አርጅቷል። የአቤሜሌክ በለስ ከባለቤቱ ጋር ቆየ፤ የዋንግ ዢ መጥረቢያ ባለቤቱን ጥሎ ከዓለም ጋር ሄደ። ሁለት ተራኪዎች፣ ሁለት ሕጎች፤ ሁለቱም ለሕጋቸው ታማኝ ናቸው። በክርስትናውም በእስልምናውም ትውፊት የሚታወቁት የኤፌሶን ዋሻ አንቀላፊዎች ደግሞ ሦስተኛ መንገድ አላቸው። አንዱ ምግብ ሊገዛ ወደ ከተማ ይወጣና በኪሱ የያዘው ሳንቲም ያጋልጠዋል። ሳንቲሙ አልተለወጠም፤ በላዩ የተቀረጸው ንጉሥ ግን ከሞተ ብዙ ዘመን አልፏል። በእኔ ግምት ከሦስቱ ብልሁ ይህ ነው፤ ምክንያቱም ሳንቲም በሁለት ሰዎች መካከል ካልተላለፈ ምንም አይናገርም። ዋሻው ውስጥ ዝም ያለው ገንዘብ የተናገረው በሻጩ እጅ ላይ ሲወድቅ ነው።

እዚህ ላይ ከርእሴ ጥቂት ብወጣ ይቅር በሉኝ። አጎቴ ለብዙ ዓመታት ርቆ ሠርቶ ሲመለስ ለእኔና ለታላቅ ወንድሜ ጫማ ይዞልን መጣ። ጥሩ ቆዳ፣ ጥሩ ስፌት ነበረው። መጠኑ ግን እርሱ ሲሄድ በነበረን እግር ልክ ነበር። ደብዳቤ ይደርሰዋል፣ ፎቶግራፍም ይላክለት ነበር፤ ስንት ክፍል እንደደረስን ጠይቁት ቢባል አይሳሳትም። ጫማ መሸጫው ውስጥ ቆሞ እጁን ሲዘረጋ ግን እጁ ያስታወሰው ጥሎን የሄደውን እግር ነበር። እናቴ ሣቀች። እርሱ ግን አንዱን ጫማ ከእግሬ አጠገብ አኑሮ ብዙ ጊዜ ዝም ብሎ ያየው ነበር። አጎቴ ሸለቆ አልወረደም፤ የአቶም ሰዓት ብናስርለት ከእኛው ጋር እኩል ይቆጥር ነበር። በዚያች ቅጽበት ግን ከዋንግ ዢ የሚለየው ነገር አልነበረም። ስለዚህ ጸሐፊ ወዳጆቼን እጠይቃለሁ፦ ገጸ ባሕሪያችሁ ከሸለቆው ሲወጣ በእጁ ምን ይዟል? ያንንስ የሚቀበለው ማን ነው?

አራተኛው ነገር ብዙውን ጊዜዬን የሚወስድ ነው። አንድን ለሰባት ያልነውን ሕጋችንን በቁም ነገር እንያዘውና ምን እንደሚያስከትል እንመልከት። ከብርሃን እንጀምር። ብርሃን ሞገድ ነው፤ ሞገድ ደግሞ በሰከንድ ውስጥ ስንት ጊዜ እንደሚርገበገብ ይቆጠራል። የሸለቆው ሰከንድ የውጩን ሰባት ሰከንድ ስለሚይዝ፣ ከላይ የሚመጣው ብርሃን ለታችኛው ሰው ሰባት እጥፍ ፈጥኖ ይርገበገባል። የሞገዱ ርዝመት 700 ናኖሜትር የሆነው ቀይ ብርሃን 100 ናኖሜትር ሆኖ ይደርሰዋል፤ ይህ ቀይ አይደለም፣ ሕይወት ያለውን ነገር የሚያቃጥል አልትራቫዮሌት ነው። እያንዳንዱ የብርሃን ቅንጣት ሰባት እጥፍ ኃይል አለው፤ ቅንጣቶቹም በሰባት እጥፍ ፍጥነት ይጎርፋሉ። ሰባት በሰባት ሲባዛ 49 ነው። ሸለቆው የአንድ ፀሐይ ሳይሆን የ49 ፀሐይ ሙቀት ይወርድበታል ማለት ነው። ውብ አድርገን የፈጠርነው ሜዳ ተቃጠለ!

በተቃራኒው ደግሞ ከታች የሚወጣው ብርሃን ይረዝማል። በሸለቆው ውስጥ የበራ መብራት ቢጫም ይሁን ሰማያዊ፣ አፋፉ ላይ ለቆመው ሰው የሚደርሰው ዓይን የማያየው ኢንፍራሬድ ሆኖ ነው። ከላይ የቆመው ጨለማ ያያል፤ ከታች ያለው እሳት ያያል። ድምፅም እንደዚሁ ነው። በሰከንድ 200 ጊዜ የሚርገበገብ የሰው ድምፅ ከሸለቆው ሲወጣ ወደ 29 ይወርዳል፤ ይህ ከጆሯችን የመስማት ወሰን ጥግ ላይ ያለ ጉርምርምታ ነው። ከአፋፉ ሆና ልጇን የምትጣራ እናት ድምፅ ግን ታች ሲደርስ 1,400 ይሆናል፤ ልጁ የሚሰማው እንደ ወፍ ያለ ጩኸት ነው። እናቱ እየጠራችው እንደሆነ በምን ያውቃል? ቀና ብሎ ወፏን ይፈልጋል እንጂ። ይህን ስሌት መጀመሪያ ስሠራው እርሳሴን አስቀምጬ ቆሜ ነበር። ታሪክ ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ ሕጉን አክብራችሁ ብታሰሉ ታሪኩ ራሱ ይመጣል።

ከዚህም የሚብስ አለ። እንደ አንስታይን ንድፈ ሐሳብ ከሆነ፣ ዕቃ ሁሉ ጊዜ ወደሚዘገይበት አቅጣጫ ይወድቃል፤ ስበት የምንለው ነገር በምድር ላይ በአብዛኛው ይኸው ነው። የመሬት ስበት እንዳለ ሆኖ ጊዜን በመቶ አንድ እጅ ብቻ የሚያዘገይ ሸለቆ መቆፈር ብንፈልግ፣ ጥልቀቱ ከመሬት እስከ ፀሐይ ያለውን ርቀት 600 ጊዜ ያህል መሆን ነበረበት። ጥልቀቱን አንድ ኪሎ ሜትር አድርገን አንድን ለሰባት እናምጣ ብንል ደግሞ፣ የሚስበው ኃይል የመሬትን ስበት በትሪሊዮኖች የሚበልጥ ይሆናል። አፋፉ ላይ የሚቆም ሰው አይኖርም፤ አፋፍ ራሱ አይኖርም።

ታዲያ ምን እናድርግ? ሸለቆውን እንተወው? አንተወውም። ልብ ወለድ አንድ ይቅርታ ተፈቅዶለታል፤ አንድ ብቻ። እኔ ብሆን ይቅርታዬን ለስበቱ እጠቀምበታለሁ፦ «በዚህ ሸለቆ ጊዜ ይዘገያል፣ ዕቃ ግን እንደወትሮው ይወድቃል» እላለሁ፤ አንባቢም ይቀበለኛል። ብርሃኑን ግን በይቅርታ አላልፈውም፤ ሸለቆውን ዓመት እስከ ዓመት ከባድ ጉም አለብሰዋለሁ። ፊዚክስ የሚያስተምሩ ባልደረቦቼ «ጉሙም ይፈላል» ብለውኛል። እውነታቸውን ነው፤ ቢሆንም ጉሙን አልነሣም። አንባቢን የሚያስቀይመው ሕግ መጣሱ አይመስለኝም። በአንደኛው ምዕራፍ የተጣሰው ሕግ በአምስተኛው ምዕራፍ ለጸሐፊው ሲመቸው ተመልሶ መከበሩ ነው።

እስኪ አሁን በጉሙ ሥር እንኑር። የውጩ ዓመት በሸለቆው 52 ቀን ብቻ ነው። ለመድረስ አራት ወር የሚፈልግ እህል የዘራ ገበሬ፣ ሳያጭድ ክረምትና በጋ ሁለት ጊዜ ተፈራርቀው ሦስተኛው ይጀምርበታል። በአርፋጅ ሸለቆ ማረስ አይቻልም! ወንዙም ቢሆን አይመችም፤ ከላይ በሰከንድ አንድ ሜትር ኩብ የሚፈስሰው ውኃ ታች ያለ ሰው ሲለካው ሰባት ነው፤ ጎርፍ ነው። ስለዚህ የሸለቆው ሰዎች ከላይ በሚወርድ ምግብ ይኖራሉ። ለላዩ ሰው ደግሞ ይህ ከባድ አይደለም፤ የሸለቆው ሰው አንድ ጊዜ ሲበላ የላዩ ሰባት ጊዜ ይበላልና። በውጭ ለ100 ሰዎች የሚበቃ ስንቅ ታች 700 ሰዎችን ይይዛል። ይህን ካወቀ በኋላ ሸለቆውን ለግጥም ብቻ የሚተወው መንግሥት ያለ ይመስላችኋል? ጦር ይከማችበታል። እስር ቤት ይሠራበታል፤ እስረኛው አንድ ዓመት ታስሮ ሲወጣ ሚስቱ ሰባት ዓመት ጠብቃለች። ቅጣቱ የተፈረደው በማን ላይ ነው?

ስለ ብድርም እናስብ። በዓመት አሥር በመቶ ወለድ የሚያስገኝ 100 ብር ከላይ አስቀምጦ ወደ ሸለቆው የወረደ ሰው፣ በራሱ ቆጠራ ከአንድ ዓመት በኋላ ሲወጣ 195 ብር ገደማ ይጠብቀዋል። ምንም አልሠራም፤ አላረጀምም ማለት ይቻላል። ተበዳሪው ግን ሰባቱን ዓመት በሙሉ ላቡን አፍስሷል። ሸለቆው የአበዳሪዎች መንደር የሚሆነው በዚህ ምክንያት ነው። አስማተኛ ሳይሆን ባለገንዘብ ነው የሚሰፍርበት። አፋፉ ላይ ደግሞ የሚያገለግሏቸው፣ ስንቅ የሚያወርዱላቸው ሰዎች ይኖራሉ፤ አባት ጀምሮት፣ ልጅ ተረክቦት፣ የልጅ ልጅ የሚጨርሰው አገልግሎት ለአንድ ለማያረጅ ጌታ ነው። ጌታው በክፋት አይደለም የአገልጋዩን ስም የሚሳሳተው። ትናንት ያገለገለው ሌላ ነበርና።

ክፉ ክፉውን ብቻ እንዳላነሣ፦ መድኃኒት ያልተገኘለት በሽተኛም ወደ ሸለቆው ሊወርድ ይችላል። ሐኪሞች ከላይ ሰባት ዓመት ሲመራመሩ እርሱ አንድ ዓመት ብቻ ይታመማል። በጎ ሐሳብ ነው፤ እኔም ዘመዴ ቢሆን አወርደው ይሆናል። ነገር ግን መድኃኒቱ እስኪገኝ ይጠብቀው የነበረው ቤተሰብ ያረጃል፤ ሲወጣ የሚያስታምመው ማን ይሆናል? ልትጠይቀው በየወሩ የምትወርድ ልጁስ ከራሷ ልጆች ስንት ቀን ትቆርጣለች? ታች አንድ ሌሊት ባደረች ቁጥር ልጆቿ ሳምንት ያለ እናት ያሳልፋሉ። ይህን ቂም ያለ አንድ ክፉ ገጸ ባሕሪ መጻፍ ይቻላል፤ ሁሉም ደግ ሆነው ማለቴ ነው።

ለዚህ ነው ሸለቆውን ትታችሁ አፋፉን ጻፉ የምላችሁ። አፋፉ ላይ አንዲት ጎጆ አለች እንበል፤ በውስጧም መዝገብ የሚይዝ ሰው አለ። መዝገቡ ሁለት ዓምድ አለው፤ በአንዱ የላይኛው ቀን፣ በሌላው የታችኛው ቀን ይሞላል። የሚወርደው ሁሉ ይፈርምበታል፣ የሚወጣው ሁሉ ይፈርምበታል፤ ወለድ፣ የእስር ዘመን፣ ዕድሜ፣ ውርስ ሁሉ በዚህ መዝገብ ይወሰናል። አባትና ልጅ እኩል ዕድሜ ላይ ሲደርሱ ያንን ቀን የሚጽፈው እርሱ ነው። እርሱ ራሱ ወርዶ አያውቅም፤ ቢወርድ መዝገቡን ማን ይይዛል? ጉቦ የሚያቀርቡለት ይኖራሉ፤ አንድ ቀን ጨምርልኝ የሚለው እንዳለ ሁሉ አንድ ቀን ቀንስልኝ የሚለውም ይኖራል። በእኔ እምነት እስካሁን የተነጋገርንባቸው ነገሮች ሁሉ በዚህ ሰው ጠረጴዛ ላይ ያልፋሉ።

ከመካከላችሁ ይህን ሰው የሚጽፈው ቢኖር ስሌቱን በማጣራት ልረዳ ዝግጁ ነኝ፤ አድራሻዬ ከአዘጋጆቹ ዘንድ ይገኛል። ስለ ትዕግሥታችሁ አመሰግናለሁ። አሁን ወደ ጥያቄዎቻችሁ እንሂድ፤ «ጉሙም ይፈላል» ስል ራሳቸውን የነቀነቁት፣ ከኋላ የተቀመጡት ወንድሜ ይጀምሩልን።